ሰማያዊው ባቡርና የማይተኙት ሰዎች

የምሠራው ፓሪስ ውስጥ፣ ከጋር ደ ሊዮን ባቡር ጣቢያ ብዙም በማይርቅ ትንሽ ሆቴል ነው። የሌሊት ፈረቃ ነኝ። ቁልፍ እሰጣለሁ፣ ስልክ አነሳለሁ፣ አምሽቶ የመጣ እንግዳ አስገባለሁ፣ ሊነጋ ሲል ዳቦ ለሚያመጣው ሰው በር እከፍታለሁ። በመሃል ያለው ሰዓት ረጅም ነው። ከጠረጴዛዬ ፊት ለፊት ግድግዳው ላይ የድሮ የባቡር ማስታወቂያ ተሰቅሏል። ሰማያዊ ባቡር፣ የዘንባባ ዛፍ፣ ከኋላ ባሕር። ሥዕሉን ከማየቴ ብዛት ዓይኔን ጨፍኜ ልስለው እችላለሁ።

ብርዱ በጠናበት አንድ ሌሊት አንዲት አዛውንት እንግዳችን እንቅልፍ እምቢ ብሏቸው ወረዱ። ሻይ አፈላሁላቸው። ሶፋው ላይ ተቀመጡና ሥዕሉን ረዘም ላለ ጊዜ አዩት። ከዚያ «አባቴ እዚህ ባቡር ላይ ነበር የሚሠራው» አሉኝ። የመኝታ ፉርጎ ኃላፊ ነበሩ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊትም በኋላም በሰሜን ፈረንሳይ ካለችው የካሌ ወደብና ከፓሪስ በደቡብ ባሕር ዳር ወዳለችው ኒስ፣ ከኒስ ወደ ፓሪስ ሲመላለሱ ኖረዋል።

«ታዲያ ባሕሩን ጠግበው አይተውታላ፣ ማዳም» አልኳቸው።

«አይ» አሉኝ። «ባሕሩ የሚታየው ደወል በሚበዛበት ሰዓት ነው።»

ይህቺ አንድ ዓረፍተ ነገር ከዚያ ሌሊት ጀምሮ አልለቀቀችኝም።

የተሸጠው ነገር ምን ነበር?

ስለዚህ ባቡር ሲወራ ሁልጊዜ የሚነሣው ጌጡ ነው። ለማለት ያህል አይደለም፤ ጌጡ በእርግጥ ያምራል። (ዓመቶቹን በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ የእኛ ሲሆን እነግራችኋለሁ።) በ1883 ከካሌ ወደ ኒስ የሚሄደው የቅንጦት ባቡር ሥራ ጀመረ። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ፣ በ1922 መጨረሻ ላይ፣ የእንጨቶቹ ፉርጎዎች ቀርተው እንግሊዝ አገር ሊድስ ከተማ የተሠሩ የብረት ፉርጎዎች መጡ። ጥቁር ሰማያዊ ተቀብተው ዳር ዳሩን ወርቃማ መስመር ነበራቸው። ሰው ሁሉ «ሰማያዊው ባቡር» ይለው ጀመር፤ የባቡሩ ሕጋዊ ስም ግን ለረጅም ጊዜ ሌላ ነበር። በ1929 ደግሞ ከሁሉም የበለጡት ፉርጎዎች ተጨመሩ። በአንድ ፉርጎ ውስጥ አሥር ክፍል ብቻ፣ በአንድ ክፍል አንድ ሰው። ግድግዳው የተወለወለ እንጨት ሆኖ ላዩ ላይ ልዩ ልዩ ቀለም ካለው እንጨት የተቆረጠ አበባ ተለጥፎበታል።

አሥር እንግዳ፣ አንድ የሚነቃ ሰው።

እኔ ግን እንደ ሌሊት ሠራተኛ ሳስበው፣ የባቡሩ ኩባንያ ይሸጥ የነበረው ዋናው ነገር እንጨቱም ብርጭቆውም አይደለም። እንቅልፍ ነው። ያልተቆራረጠ እንቅልፍ። እንግዳው ለንደን ላይ በጭጋግ ይነሣል፣ ባሕሩን በመርከብ ተሻግሮ ካሌ ላይ ባቡሩን ይይዛል፣ ማታ ፓሪስ ይደርሳል፣ እራቱን ይበላል፣ ይተኛል። ዲዦን፣ ሊዮን፣ አቪኞን በእንቅልፍ ልቡ ያልፋሉ። ጠዋት መጋረጃውን ሲገልጥ ቀይ ድንጋይ፣ ቢጫ የሚሞዛ አበባ፣ ሰማያዊ ውሃ። በጥር ወር! ከአንድ ወቅት ወደ ሌላ ወቅት ተኝቶ መሻገር ማለት ነው። ሐዲዱ ኒስ የደረሰው በ1864 ነው። ከዚያ በፊት ሀብታም የነበረ ሰውም ይህን መንገድ በሠረገላ ተንገላቶ በብዙ ቀን ነበር የሚሄደው፤ ገንዘብ ይህን ዓይነት እንቅልፍ ሊገዛ አይችልም ነበር።

ንግሥት ቪክቶሪያ በመጨረሻዎቹ ዓመታቸው ኒስን ሲወዱ የራሳቸው ፉርጎዎች ነበሯቸው። ባቡሩም ሌሊት እንዳያንገጫግጫቸው በዝግታ እንዲሄድ ይደረግ ነበር። ንግሥቲቱም ቢሆኑ ከባቡር የፈለጉት እንቅልፍ ነው።

ሌላም ታሪክ አለ። በመጋቢት 1930 ዎልፍ ባርናቶ የሚባል እንግሊዛዊ ባለጸጋ ከዚህ ባቡር ጋር ውድድር ገባ። በቤንትሌይ መኪናው ከኒስ አጠገብ ካለችው ከካን ተነሥቶ፣ ሌሊቱን ሙሉ ዝናብና ጭጋግ ውስጥ ነድቶ፣ ባቡሩ ካሌ ከመድረሱ 4 ደቂቃ ቀድሞ ለንደን ክለቡ በር ላይ ቆመ። ይህ እስከ ዛሬ የመኪና ወዳጆች የሚያወሩት ድል ነው። እኔ ሳነበው ያሰብኩት ግን ሌላ ነገር ነው። ባርናቶ አልተኛም። ባቡሩ ውስጥ የነበሩት ሰዎች ግን ተኝተው ነበር፣ ትኬቱንም የገዙት ለዚያ ነው። ፈጣን መሆንና መተኛት መቻል አንድ አይደሉም።

ደወል የሚበዛበት ሰዓት

ወደ አዛውንቷ ልመለስ። ሻያቸው እስኪቀዘቅዝ ድረስ አወሩኝ፤ እኔም ሥራዬን ትቼ አዳመጥኳቸው።

አባታቸው ቡናማ የደንብ ልብስና ቆብ ነበራቸው። እንግዶቹ ሲሳፈሩ ትኬታቸውንና ፓስፖርታቸውን ይረከባሉ፤ ሌሊት ተቆጣጣሪ ቢመጣ እንግዳው እንዳይቀሰቀስ ወረቀቱን የሚያሳዩት እሳቸው ናቸው። እንግዶቹ እራት ላይ ሳሉ ሶፋውን አልጋ ያደርጋሉ፣ አንሶላ ያነጥፋሉ። እያንዳንዱ ፉርጎ የራሱ የድንጋይ ከሰል ምድጃ ስለነበረው ሌሊቱን እየተነሡ ከሰል ይጨምራሉ። ከመጠን በላይ ከጋለ እንግዳው በሙቀት ይነቃል፤ ከቀዘቀዘም በብርድ ይነቃል። ከዚያ ኮሪደሩ ጫፍ ላይ ካለች የምትታጠፍ ትንሽ ወንበር ላይ ይቀመጣሉ። መቀመጥ ነው እንግዲህ። ጆሯቸው ደወሉ ላይ ነው።

የነገሩኝ ሁሉ ያስደንቃል፤ የያዘኝ ግን ጠዋቱ ነው።

ማርሴይ ታልፋለች፤ ገና ጨለማ ነው። ከዚያ ቱሎን። ከሴን ራፋኤል በኋላ ሐዲዱ ባሕሩን ተጠግቶ ይሄዳል፤ ከሰማያዊው ውሃ ቀዩ ድንጋይ ቀጥ ብሎ ይወጣል። ማስታወቂያዎቹ በሙሉ የሚስሉት ይህንን ነው። ሰዎች ገንዘባቸውን የከፈሉለት ደቂቃ ይህ ነው። እንግዳው ሁሉ የሚነቃውም ያኔ ነው፤ መጋረጃውን ይገልጣል፣ ፀሐይዋን ያያል፣ እጁን ይዘረጋና ደወሉን ይጫናል። አንዱ ቡና። አንዱ ሙቅ ውሃ። አንዷ ሻንጣዋ እንዲወርድላት። አንዱ ካን ስንት ደቂቃ እንደቀረው። አሥር ደወል በአንድ ጊዜ።

አባታቸው በሁለት እጃቸው ትሪ ይዘው ኮሪደሩ ላይ ናቸው። ቡናው እንዳይፈስ ዓይናቸው ትሪው ላይ ነው። ባሕሩ በጎናቸው ያልፋል።

ከዚያስ? ብዬ ጠየቅኩ። ሲደርሱስ? ሲደርሱ እንግዳው ይወርዳል፣ አንሶላው ይሰበሰባል፣ ይቆጠራል፣ የጎደለው ይጻፋል፣ ምድጃው ይጸዳል። ከዚያ አንድ ክፍል ውስጥ መስኮት ዘግቶ እንቅልፍ። ቀን ላይ የሚተኛ ሰው መስኮት ይዘጋል፤ ይህን እኔ በደንብ አውቃለሁ። ማታ መልስ ጉዞ። በብርዱ ወቅት ቶሎ ይመሻል፣ ስለዚህ በመልሱም ባሕሩ ጨለማ ነው።

«ብዙ ጊዜ የሚያወሩልኝ ስለ ምን ነበር መሰለሽ ትለኝ ነበር እናቴ» አሉኝ ሴትዮዋ። «ስለ ሽታው። ባሕሩን በሽታው ያውቁት ነበር።»

የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ይላል የእኛ ሰው። ይህን ተረት ከልጅነቴ ጀምሮ ስሰማው ኖሬአለሁ፤ የዚያን ሌሊት ግን አንድ ሰው ፊቴ ቆሞ የነገረኝ መሰለኝ። በመላ ዕድሜያቸው ወደ ባሕር የተጓዙ ሰው። ከማንኛውም መሳፍንት በላይ ወደ ኒስ የሄዱ ሰው።

ተሳስቼ እንዳላዝንላቸው ግን ራሴን ጠበቅኩ። ሴትዮዋ በአባታቸው ይኮራሉ። ሥራው የተከበረ ነበር፤ ብዙ ቋንቋ ይጠይቃል፣ ጉርሻውም ቤት ያስተዳድራል። ቅር ያላቸው ነገር እንዳለ አልነገሩኝም። ባሕሩን አለማየታቸውን እንኳ የተናገሩት አንድ የሥራ ዝርዝር እንደሚናገር ሰው ነው። እኔን ያልተወኝ ሐዘን ሳይሆን የሰዓቱ ነገር ነው። አንድ ነገር እጅግ የሚያምርበት ደቂቃና ያንን ነገር ለሌላው የሚያቀርበው ሰው ሥራ የሚበዛበት ደቂቃ አንድ ሆኖ መገኘቱ። ይህ የአንድ ክፉ አለቃ ሥራ አይደለም። አሠራሩ ራሱ እንዲህ ነው የተሠራው።

በማያሚ ዳርቻ

ከዚያ በኋላ ያገኘሁትን ሁሉ ማንበብ ጀመርኩ። የመኝታ ፉርጎ ነገር ከአውሮፓ አልጀመረም። የሰማያዊውን ባቡር የመኝታ ፉርጎዎች ያንቀሳቅስ የነበረው ኩባንያ መሥራች ዦርዥ ናገልማኬርስ የቤልጂግ ባለባንክ ቤተሰብ ልጅ ነው። በ1860ዎቹ መጨረሻ አሜሪካ ሄዶ የጆርጅ ፑልማንን የመኝታ ፉርጎዎች አየና ሐሳቡን ይዞ ተመለሰ። የራሱን ኩባንያ በ1876 አቋቋመ።

ፑልማን ፉርጎውን ሲሠራ ለአስተናጋጅነት የቀጠረው ከባርነት ነጻ የወጡ ጥቁር ሰዎችን ነበር። እንግዶች ሁሉንም «ጆርጅ» እያሉ ይጠሯቸው ነበር፤ በባለቤቱ ስም። ሰው የራሱ ስም እያለው። ሌሊት ጫማ ይጠርጋሉ፣ አልጋ ያነጥፋሉ፣ ደወል ይጠብቃሉ፤ ራሳቸው የሚጋደሙት ወንዶች በሚያጨሱበት ክፍል ሶፋ ላይ ለጥቂት ሰዓት ነው። በወር ወደ 400 ሰዓት ይሠሩ ነበር። እኔ በወር የምሠራው ስንት እንደሆነ አውቃለሁ፤ ይህን ቁጥር ሳነብ ወረቀቱን አስቀምጬ ትንሽ ተነሥቼ ቆምኩ።

በ1925 ኤ. ፊሊፕ ራንዶልፍ መሪያቸው ሆኖ ማኅበር አቋቋሙ። ኩባንያው ለዓመታት አልቀበልም አለ። በ1937 ግን ፈረመ። ወርኃዊ ሰዓታቸው ወደ 240 ወረደ፣ ደመወዛቸው ጨመረ። የጥቁር ሠራተኞች ማኅበር ከአንድ ትልቅ የአሜሪካ ኩባንያ ጋር ስምምነት ሲፈራረም ያ የመጀመሪያው ነበር። ዋሽንግተን ያላችሁ፣ በዩኒየን ጣቢያ ስታልፉ የራንዶልፍ ሐውልት እዚያ አለ፤ ቆም ብላችሁ እዩት።

አሜሪካም ወደ ባሕር የሚሄድ የቅንጦት ባቡር ነበራት። ከ1888 ጀምሮ ከሰሜን በረዶ ወደ ፍሎሪዳ ፀሐይ የሚያወርድ። ሄንሪ ፍላግለር የሚባል የነዳጅ ባለጸጋ ሐዲዱንም ሆቴሉንም እየሠራ ወደ ደቡብ ወረደ፤ በ1912 ሐዲዱ ባሕር ተሻግሮ ኪ ዌስት ደሴት ገባ፤ በ1935 አውሎ ነፋስ ጠራርጎ ወሰደው። የፈረንሳዩን ታሪክ በሌላ ዓይን እንዳየው ያደረገኝ ግን ይህ ነው። የፑልማን አስተናጋጅ ማያሚ ሲደርስ፣ ጊዜ ቢኖረውም፣ ባይደክመውም፣ እነዚያ የባሕር ዳርቻዎች ለጥቁር ሰው የተከለከሉ ነበሩ። በማያሚ ለጥቁሮች የተፈቀደው የመጀመሪያው የሕዝብ ዳርቻ፣ ቨርጂኒያ ኪ፣ የተከፈተው በ1945 ነው። የአዛውንቷ አባት ባሕሩን ያላዩት እጃቸው ስለሞላ ነው። እነዚህ ሰዎች እጃቸው ባዶ ቢሆንም አይፈቀድላቸውም ነበር። ሁለቱን አንድ ላይ አላስቀምጥም፤ አንድ አይደሉም።

በራሴ ዓይን

በመጨረሻ እረፍት ወሰድኩና ወደ ኒስ ሄድኩ። በአውሮፕላን ርካሽ ነው፣ በፈጣኑ ባቡርም ከስድስት ሰዓት ብዙ አይበልጥም። እኔ ግን የሌሊቱን ባቡር ነበር የፈለግኩት። የፓሪስና የኒስ የሌሊት ባቡር በ2017 መጨረሻ ተቋርጦ ነበር። በግንቦት 2021 ተመልሶ ሲጀምር የዚያን ጊዜው ጠቅላይ ሚኒስትር ዣን ካስቴክስ ራሳቸው ተሳፍረው ነበር። አሁን የሚነሣው ከኦስተርሊትዝ ጣቢያ ነው። ሰማያዊና ወርቃማ ነገር የለውም፤ በአንድ ክፍል አራት ወይም ስድስት ተደራራቢ አልጋ፣ አንድ ትራስ፣ አንድ ቀላል ብርድ ልብስ።

ክፍላችን ውስጥ ተማሪዎች፣ አንዲት እናት ከሕፃን ልጇ ጋር፣ አንድ የግንባታ ሠራተኛ ነበሩ። ሁሉም ቶሎ ተኙ። እኔ አልቻልኩም፤ ሰውነቴ ሌሊት መንቃት ለምዷል። ወደ ኮሪደሩ ወጣሁ። የባቡሩ ሠራተኛ ባትሪ ይዛ እየተመላለሰች ነበር። ሰላም ተባባልን። የሌሊት ተረኛ እንደሆንኩ ስነግራት ሳቀችና «ዛሬስ ለምን አትተኛም?» አለችኝ። ከዚያ ስለ እግር ሕመም፣ ቀን ላይ ስለሚጮኽ ጎረቤት፣ ቡና ከስንት ሰዓት በኋላ መጠጣት እንደሌለበት አወራን። የተረኛ ወሬ ነው፤ የትም አገር አንድ ነው።

ከሴን ራፋኤል በኋላ ነጋ። ቀይ ድንጋዩ መጣ። ባሕሩ መጣ። መስኮቱ ላይ ግንባሬን አስደግፌ ቆምኩ፤ እጄ ባዶ ነበር። ስለዚህ ደቂቃ ብዙ አስቤ ስለነበር ያን ያህል ላያምር ይችላል ብዬ ፈርቼ ነበር። ያምራል። ማስታወቂያው አልዋሸም። ውሃው ከመንገዱ በታች ቅርብ ነው፣ ጥድ ዛፎቹ ከድንጋዩ ላይ ዘንበል ብለዋል፣ ብርሃኑ ገና ለስላሳ ነው። ሠራተኛዋ ከጎኔ ቆማ አየች፤ አዎ፣ ቆማ አየች። ምናልባት ግማሽ ደቂቃ። የሚጠራት ደወል የለም። እናትየዋ ሕፃኗን ይዛ ወጣች፣ ተማሪዎቹ ፀጉራቸው ተንጨባሮ ወጡ፣ ሁላችንም ኮሪደሩን ሞላነው።

እዚያ ቆሜ አንድ ነገር ገባኝ፤ እስካሁንም ደጋግሜ አስበዋለሁ። ስለዚያ ወርቃማ ዘመን ስናወራ ዘመኑ አለፈ ብለን የምናዝነው ለሰፊው አልጋና ለብር ማንኪያው ከሆነ ልክ ነው፣ እሱ አልፏል፣ በዚህ ባቡር ላይ የለም። ግን ያ ሁሉ ጌጥ የተዘጋጀለት ነገር፣ ማለትም ተኝቶ ወደ ባሕር መንቃት፣ እዚያው አለ። ዛሬ ደግሞ ቡና የሚያቀርበውም ሰው መስኮት ጋር መቆም ይችላል። እኔ ከሁለቱ ይህን እመርጣለሁ። ማንም ሊያሳምነኝ አይችልም።

ባቡሩም የሚተኛበት አገር

ቤት ስለ ጉዞው ስልክ ደውዬ ሳወራ እናቴ አንድ ነገር አስታወሰችኝ። አያቴ ድሬዳዋ ከዚራ ሰፈር ለባቡር እንግዶች አንሶላ ታጥብ ነበር። ይህን አውቀው ነበር፤ ከዚህ ታሪክ ጋር ግን አገናኝቼው አላውቅም።

የእኛም መስመር ወደ ባሕር የሚሄድ የፈረንሳይ መስመር ነው። በ1897 ከጅቡቲ ተነሣ፣ በ1902 ድሬዳዋ ገባ፣ በ1917 አዲስ አበባ ደረሰ። በመጀመሪያዎቹ ዘመናት ባቡሩ ሌሊት አይሄድም ነበር። ከአዲስ አበባ የተነሣ መንገደኛ አንዱን ሌሊት አዋሽ፣ አንዱን ሌሊት ድሬዳዋ አድሮ በሦስተኛው ቀን ጅቡቲ ይደርሳል። ባቡሩም፣ ነጂውም፣ እሳት የሚያነደውም ሰው ያድራል። አዋሽ ጣቢያ ጎን የግሪኮቹ ቡፌ (ምግብ ቤትና ማደሪያ) የተከፈተው ለዚህ ነው። እስከ ዛሬ በረንዳው ላይ ቡና መጠጣት ይቻላል፤ ያላየ ሰው ቢሄድ ጥሩ ነው።

በካሌና በኒስ መስመር ኩባንያው እንግዳው ተኝቶ እያለ ባቡሩን አስኬደ። እኛ ጋ እንግዳው ሲተኛ ባቡሩም ቆመ። ምክንያቱ በረሃው፣ የመስመሩ ሁኔታ፣ የሌሊቱ አደጋ ነው፤ ደግነት አይደለም። ውጤቱ ግን ያስገርመኛል፤ እሳት አንዳጁ ሌሊት አልጋው ላይ ነበር። የአያቴ ሥራ ግን ያን ጊዜም ነበር። ሦስት ቀን ጉዞ ማለት ለአንድ መንገደኛ ሁለት አዳር፣ ሁለት አንሶላ ነው። እሷም ባሕሩን አላየችም። ጅቡቲ ባቡር በየሳምንቱ እየሄደላት።

ለአያቴ የሌሊት ሥራ መጀመሬን ስነግራት «እስራኤልን የሚጠብቅ አይተኛም አያንቀላፋም» ብላ መረቀችኝ። መጀመሪያ ለማጽናናት ያለችው መስሎኝ ነበር። አሁን ሳስበው ያከበረችኝ ይመስለኛል፤ መንቃትን ሥራ አድርጋ የኖረች ሴት ነበረችና።

ክረምቱ በበጋ ሲተካ

ሀብታሞቹ ወደዚያ ዳርቻ የሚሄዱት ብርድ ሲሆን ነበር። በበጋ፣ ማለትም በፈረንጆቹ የሙቀት ወራት፣ ሆቴሎቹ ይዘጋሉ፤ ሙቀቱ አይቻልም ይባል ነበር። በ1920ዎቹ ግን ፀሐይ መሞቅ ደስ ይል ጀመር፣ ሆቴሎችም በበጋ መክፈት ጀመሩ። ቀጥሎ 1936 መጣ። በሰኔ ወር የፈረንሳይ መንግሥት ለሠራተኛው ሁሉ የሁለት ሳምንት የሚከፈልበት የዓመት እረፍት በሕግ ሰጠ። ሌዎ ላግራንዥ የተባለው ወጣት የመንግሥት ሹም ደግሞ 40 በመቶ የተቀነሰ የባቡር ትኬት አመጣ። በዚያች በጋ ብቻ 600,000 ገደማ ሰው በዚህ ትኬት ተጓዘ። ከነሱ ብዙዎቹ ባሕር አይተው የማያውቁ ናቸው።

(በዚያው ዓመት፣ ከዚህ ሕግ ሁለት ወር ሳይሞላው በፊት፣ በእኛ አቆጣጠር ሚያዝያ 24 ቀን 1928፣ ንጉሠ ነገሥቱ በእኛው ባቡር ወደ ጅቡቲ ባሕር ወረዱ። ከዚያ መስመር ጉዞዎች ሁሉ በሰው አእምሮ የቀረው ይህ ነው። ስለሱ ሌላ ቀን።)

ስለ ሰማያዊው ባቡር የሚጽፉ ብዙ ሰዎች 1936ን እንደ ውድቀት መጀመሪያ ይቆጥሩታል። ሕዝቡ መጣ፣ ክብሩ ቀረ ይላሉ። እኔ እዚህ ጋ አልስማማም፤ ያውም በጣም። ያ በጋ ለእኔ ከጠቅላላው ታሪክ ደማቁ ነው። የፋብሪካ ሰው ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ፣ ሦስተኛ ማዕረግ የእንጨት ወንበር ላይ ጀርባው እየደነዘዘ፣ ባሕሩ ሲመጣ ልጁን ብድግ አድርጎ በመስኮት ሲያሳይ ይታየኛል። አልተኛም፣ ግን ያየዋል።

የአዛውንቷ አባትም የዓመት እረፍት አገኙ ማለት ነው። ይህን የጠየቅኳቸው ሊሄዱ ሲሉ፣ ጠዋት ሻንጣቸውን ወደ ታክሲ ሳወርድ ነው። ያኔ እሳቸው ገና አልተወለዱም። ቤተሰቡ ውስጥ ግን አንድ ፎቶ አለ አሉኝ። አባትና እናት ሱሪና ቀሚሳቸውን እስከ ጉልበት ሰብስበው ውሃ ውስጥ ቆመዋል። «ኒስ ነው?» አልኳቸው። አይደለም። ኖርማንዲ ነው፤ የኒሱን መንገድ ጠግበውታል።

አሁን የቅንጦት ባቡሮች ተመልሰዋል። የድሮዎቹ ፉርጎዎች ተጠግነው በውድ ዋጋ ይሄዳሉ፤ እንግሊዞችም እስከ 1972 ለንደንን ከብራይተን ዳርቻ ያገናኝ የነበረውን ባቡራቸውን ለማስነሣት ይደክማሉ። ደስ ይለኛል። የእጅ ሥራ እንዳይጠፋ መድከም መልካም ነው። ማስታወቂያቸውን ባየሁ ቁጥር ግን የምፈልገው የአልጋውን ስፋት አይደለም፤ የኮሪደሩ ሰው ስንት ሰዓት ይተኛል የሚለውን ነው። እስካሁን የጻፈው አላገኘሁም።

ከድሬዳዋ የሆናችሁ ወይም ቤተሰባችሁ ባቡሩ ላይ የሠራ ካላችሁ አንድ ነገር እፈልጋለሁ። አዋሽ ላይ መንገደኛው ሲያድር አልጋውን ያነጥፍ የነበረው ማነው? ሊነጋ ሲል መንገደኛውን የሚቀሰቅሰውስ? አባቶቻችሁን፣ አያቶቻችሁን ጠይቁልኝ። የኩባንያውን ታሪክ የጻፉ አሉ። የነዚህን ሰዎች ግን እኔ መጻፍ እፈልጋለሁ፣ ገና ሰው እያለ።